«ምንትዋብ» ማለት ምን ማለት ነው?

ጀርመን የምትኖር አንዲት እናት የላከችልኝ ጥያቄ ይህ ነው፦

«መምህር፣ ኅዳር ላይ ሴት ልጅ እጠብቃለሁ። የአያቴ እናት ምንትዋብ ይባሉ ነበር። ስሙን ለልጄ ላወጣው አስቤያለሁ። ቤተሰቡ ግን አልተስማማም። ባለቤቴ ስሙ ግዕዝ ነው ይላል፤ 'ምንት' ማለት 'ምን'፣ 'ዋብ' ማለት ውበት ነው ብሎ። አጎቴ ደግሞ ንጉሡ እቴጌዋን መጀመሪያ ሲያዩዋቸው ተደንቀው ያወጡላቸው ስም ነው ይላሉ። አማቴ 'የንግሥት ስም ለሕፃን ይከብዳል' ብለዋል። እውነቱ የቱ ነው? ደግሞስ እዚህ አገር እንዴት አድርገው ይጠሯታል?»

እህቴ፣ መጀመሪያ ማርያም በሽልም ታውጣሽ። ከዚያ ወደ ጥያቄሽ።

ምንትዋብ አማርኛ ነው። ግዕዝ አይደለም። ትርጉሙም «እንዴት ታምራለች!» ነው። አጭሩ መልስ ይኸው። ግን ይህን ስም እንዲህ በአጭሩ ማለፍ አልችልም። የሰው ስም ሳጠና ብዙ ዓመት ሆነኝ፤ እንደ ምንትዋብ ደጋግሜ የተመለስኩበት ስም የለም።

ባለቤትሽ የያዘውን ሐሳብ ብዙ ሰው ይዞታል። እውነት ነው፣ በግዕዝ «ምንት» የሚል ቃል አለ፤ «ምን» ማለት ነው። ስለዚህ ሰው ስሙን ሲያይ «ምንት» ላይ ይቆርጠዋል። ችግሩ ከዚያ በኋላ የሚተርፈው ነው። «ዋብ» ብቻዋን ትቀራለች፣ መቆሚያም የላትም። ግዕዝ ስለ ውበት ሲናገር «ሠናይ» ይላል፣ «ላሕይ» ይላል። እኛ «ውብ»፣ «ውበት»፣ «ተዋበ» የምንለው በአማርኛችን ነው። ስለዚህ መቁረጫው አንድ ፊደል ወደ ኋላ መምጣት አለበት። ምን፣ ከዚያ ትዋብ።

አሁን «ት»ን እያት። የግሱ ናት። «እሱ ይመጣል፣ እሷ ትመጣለች» ስንል ሴትነትን የምትነግረን ያቺው «ት» ናት። ግሱ «ተዋበ» ነው፤ አማረ፣ ደመቀ። ለወንድ «ይዋባል»፣ ለሴት «ትዋባለች»።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳይገርምሽ አይቀርም። ዛሬ «ትዋባለች» እንላለን እንጂ «ትዋብ» ብለን አናቆምም። ታዲያ «አለች» የት ሄደች? ለእኔ የስሙ ትልቁ ሀብት እዚህ ጋ ነው ያለው። የዛሬ አማርኛ ዐረፍተ ነገሩን ሲዘጋ ግሱ ጫፍ ላይ «አል» ይቀጥላል። ይሄዳል፣ ትበላለች፣ ያስራል። የጥንቱ አማርኛ ይህን ቅጥያ አይፈልግም ነበር። በ14ኛው ክፍለ ዘመን ለነገሥታት ከተዘፈኑት የአማርኛ ግጥሞች ጀምሮ ብታዪ፣ ግሱ ያለ «አል» ብቻውን ቆሞ ታገኚዋለሽ። በኋላ ይህ አነጋገር ከዕለት ወሬ ጠፋ። ጨርሶ ግን አልሞተም። ሰው ቃል በቃል ይዞ በሚያስተላልፋቸው ነገሮች ውስጥ ተረፈ።

አንዱ ተረትና ምሳሌ ነው። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» ስትይ «ያስራል» አላልሽም። ማንም አስተካክሎ «ያስራል» አይልም፤ ቢል ጆሮ ይቆረቁራል። ሌላው የሰው ስም ነው። ምንይችል የሚባል ሰው አታጪም። እሱንም ዛሬ ብንናገረው «ምን ይችላል» ነበር የምንለው። ምንትዋብም እንደዚያው ናት። ስሙን በጠራሽ ቁጥር አባቶችሽ ይናገሩት የነበረውን፣ ዛሬ ገበያ ላይ የማትሰሚውን አማርኛ ነው የምትናገሪው።

«ምን» ደግሞ እዚህ ጥያቄ አይደለም፤ መገረም ነው። «ምን የመሰለች ልጅ!» ስንል ማንንም አንጠይቅም። አፋችንን ይዘን ነው። «ምን ትዋብ!» የሚለውም በዚሁ ድምፅ ነው የሚነበበው።

ሌላ ንባብም ይቻላል። «ምን ትብላ?»፣ «ምን ትልበስ?» እንደምንለው «ምን ትዋብ?» ብሎ መጠየቅ፤ «ይቺ ደግሞ በምን ትድመቅ፣ ጌጥ ምን ያደርግላታል» እንደማለት። ሰዋስው አይከለክለውም። እኔ ግን የመጀመሪያውን እይዛለሁ። አራስ ቤት ውስጥ ሕፃን ያየ ሰው አፉ ላይ ቀድሞ የሚመጣው መገረም ነው።

የሴት ስሞቻችንን አስተውለሽ ከሆነ፣ ብዙዎቹ ልጅቷን ያናግሯታል። ጥሩነሽ። ዓለምነሽ። በላይነሽ። ብርቅነሽ። እናት ፊቷን ወደ ልጇ አዙራ «አንቺ እኮ...» እያለቻት ነው። ምንትዋብ ግን ልጅቷን አያናግርም። ስለ እሷ ለሌላ ሰው ነው የሚያወራው። እንዲህ አስቢው። አራሷ ጋደም ብላለች። አንዲት ሴት ሕፃኗን ተቀብላ ወደ ብርሃኑ ወስዳ ጋቢውን ገለጥ አድርጋ አየቻት። ከዚያ ዞር ብላ እሳት ዳር ላሉት «ኧረ ምን ትዋብ!» አለች። ያቺ ቅጽበት ናት ስም ሆና የቀረችው። ስሙ ውስጥ አንድ የሚያይ ሰው አለ፣ አንድ የሚሰማ ሰውም አለ።

ደግሞ ደፋር ስም ነው። ሕፃን ሲያዩ ዓይን እንዳይወድቅበት ብለው «ፉንጋ» የሚሉ አዋቂዎች ታውቂያለሽ። ማድነቅ የሚያስፈራበት አገር ነው የኖርነው። በዚያ ፍርሃት መሃል ቆሞ «እንዴት ታምራለች!» ብሎ፣ ያንን ደግሞ ዕድሜ ልክ መጠሪያ ማድረግ፣ ልቡ የሞላ ቤተሰብ የሚያደርገው ነገር ነው።

ወደ አጎትሽ ታሪክ ልምጣ። የሚያወሩት ስለ እቴጌ ምንትዋብ ነው። እቴጌዋ የቋራ ሰው ናቸው። ያገቧቸው እ.ኤ.አ. ከ1721 እስከ 1730 የነገሡት አፄ በካፋ ነበሩ። እንዴት ተገናኙ የሚለውን ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ ጽፎታል። ንጉሡ ማንነታቸውን ሰውረው በአገሩ ሲዘዋወሩ ቋራ ላይ ታመሙ። አንድ ሰው ቤት ተኙ። የቤቱ ልጅ አስታመመቻቸው። ሲድኑ ልከው አገቧት። ብሩስ ጎንደር የገባው እ.ኤ.አ. በ1770 ነው፤ ነገሩ ከሆነ ከ40 ዓመት በላይ ቆይቶ ማለት ነው። እቴጌዋን ራሳቸውን በአካል አግኝቷቸዋል፤ በዚያን ጊዜ አሮጊት ነበሩ። ታሪኩ ያምራል፤ አጎትሽም ለልጆች ይንገሩት። ግን ስሙን ለማስረዳት ንጉሥ አያስፈልገንም። ምንትዋብ ልክ እንደ ምንይችል፣ ልክ እንደ አስናቀች፣ ቤት ውስጥ የሚወጣ ስም ነው። እናት ትበቃዋለች።

ይልቅ እቴጌዋ ሌሎች ስሞችም እንደነበሯቸው ማወቅሽ ይጠቅምሻል። የክርስትና ስማቸው ወለተ ጊዮርጊስ ነው። በጸሎት፣ በብራና መጻሕፍት የልመና ቃል ላይ የምታገኚው ይህን ስም ነው። ባለቤታቸው ሲሞቱ ልጃቸው ኢያሱ ገና የ7 ዓመት ገደማ ልጅ ነበር። እሱ ዳግማዊ ኢያሱ ተብሎ ሲነግሥ እሳቸውም አብረው ዘውድ ጫኑ። ልጅየው «ብርሃን ሰገድ» ሲባል እናት «ብርሃን ሞገሳ» ተባሉ፤ ብርሃን ሞገሷ ነው ማለት ነው። ባለቤትሽ የፈለገው ግዕዝ እዚህ አለ። «ሞገሷ» የምንለውን ግዕዝ «ሞገሳ» ይለዋል። እንግዲህ አየሽ፤ ለቤተ ክርስቲያኑ ግዕዝ፣ ለዙፋኑ ግዕዝ፣ ለቤቱ ግን አማርኛ። ሦስቱም ስም የአንዲት ሴት ነው፣ ሦስቱም የየራሱ ቦታ አለው። ሕዝቡ ይዞ የቀረው ግን የቤቱን ነው። ይህ ሁልጊዜ ደስ ይለኛል።

የዚያ ቤተ መንግሥት ስሞች ነገር ሌላም ጉድ አለው። ልጃቸው ኢያሱ ያገባት፣ ከኦሮሞ ባላባት ወገን የሆነችው ሴት ስሟ ውቢት ነበር። አማትየዋ ምንትዋብ፣ ምራትየዋ ውቢት። አንዱ ሥር ነው። እ.ኤ.አ. በ1755 ኢያሱ ሲሞት የውቢት ልጅ ኢዮአስ ነገሠ። ከዚያ በኋላ «ለልጁ ሞግዚት ማን ይሁን» በሚለው አያትና እናት ተፎካከሩ፤ የቋራ ሰዎች በአንድ ወገን፣ የውቢት ዘመዶች በሌላ ወገን ቆሙ። ጎንደር በዚያ ፉክክር ብዙ ነገር ከፍላለች። ያንን ዘመን ሳነብ እነዚህ ሁለት ስሞች ጎን ለጎን ሲመጡ ልቤ ይነካል። ሁለቱም እኮ አንድ ቀን በአንድ ቤት ውስጥ «እንዴት ታምራለች» የተባለላቸው ሕፃናት ነበሩ።

መቶ ዓመት ያህል ቆይተሽ ተመለሺ፤ ያው ግስ እንደገና ይመጣል። የአፄ ቴዎድሮስ የመጀመሪያ ሚስት፣ የራስ አሊ ልጅ፣ ስሟ ተዋበች ነው። እ.ኤ.አ. በ1858 ሞተች። ሁለተኛዋ ሚስት ጥሩወርቅ ደግሞ የስሜኑ ገዢ የደጃዝማች ውቤ ልጅ ናት። ውቤም ከዚያው ሥር ነው። «ተዋበች» የሆነ፣ ያለቀ ነገር ይናገራል፤ አማረች፣ አበቃ። «ትዋብ» ግን አላለቀም። ዛሬም ታምራለች፣ ነገም። ለልጅ ስም ከሁለቱ የትኛው ይሻላል ብትዪኝ፣ እኔ ያላለቀውን እመርጣለሁ። ዛሬ ውብሸት አለ፣ ውባለም አለ፣ ውብነሽ አለ። ከዚህ ሁሉ ዘመድ መሃል ግን ራሱን የቻለ ዐረፍተ ነገር ሆኖ፣ ከነመገረሙ የተቀመጠው ምንትዋብ ነው።

አንድ ጊዜ ጣና ላይ ናርጋ ሥላሴን ለማየት ሄጄ ነበር። ቤተ ክርስቲያኑን ያሠሩት እቴጌዋ ናቸው፤ ደቅ ደሴት አጠገብ ነው። ከባሕር ዳር በጀልባ ረጅም መንገድ ነው። ገብቼ ዓይኔ እስኪለምድ ቆምኩ። የመቅደሱ ግድግዳ ከላይ እስከ ታች ሥዕል ነው። ከዚያ መሃል እቴጌዋን አገኘኋቸው። እመቤታችን ልጇን ታቅፋ ተቀምጣለች። ምንትዋብ ከእግሯ ሥር መሬት ላይ ተዘርግተዋል። ያን ሁሉ ያዘዙ፣ ያሠሩ፣ የገዙ ሴት፣ በራሳቸው ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ የመረጡት ቦታ ወለሉን ነው። «እንዴት ታምራለች» የተባሉት ሴት ቀና ብለው የሚያዩት ሌላ ውበት ነበራቸው። አጠገቤ የነበሩ አንዲት እናት ነጠላቸውን አጣፍተው ሲሰግዱ፣ ልክ በሥዕሉ ላይ እንዳሉት ሆኑ። ከዚያ ቀን ወዲህ ስሙን ስሰማ ዘውድ አይደለም የሚታየኝ።

ይህን የነገርኩሽ ለአማትሽ ጥያቄ መልስ ስለሚሆን ነው። «ይከብዳል» ማለታቸው ከፍቅር ነው፤ ይገባኛል። ግን ጣይቱም የእቴጌ ስም ነው፣ ዘውዲቱም፣ መነንም። ጣይቱ ራሱ «ጣይ» ከሚለው የድሮ አማርኛ፣ ፀሐይ ማለት ከሆነው ቃል የመጣ ነው። እነዚህን ስሞች ዘውድ ያላዩ ስንትና ስንት ሴቶች ተጠርተውባቸው ኖረዋል። የአያትሽ እናት እኮ ንግሥት አልነበሩም። ወልደው፣ አሳድገው፣ ጋግረው፣ ውሃ ቀድተው የኖሩ ሴት ናቸው። ልጅሽ ስሙን የምትወርሰው ከእሳቸው ነው። ለአማትሽ እንደዚያ ብለሽ ንገሪያቸው። ስለ ቅድመ አያትሽ የምታውቂው ነገር ካለ፣ እንዴት እንደሚስቁ፣ ምን ይወዱ እንደነበር፣ እሱን ጨምረሽ ንገሪያቸው። ያኔ ስሙ ይቀላቸዋል ብዬ አምናለሁ።

ኅዳር ማለትሽ ደግሞ በጣም ደስ አሰኝቶኛል። እቴጌዋ ጎንደር አጠገብ፣ ቤተ መንግሥታቸውም ባለበት ኮረብታ ላይ፣ ደብረ ፀሐይ ቁስቋምን አሠርተዋል። ብሩስም ያገኛቸው እዚያ ነው። እ.ኤ.አ. በ1773 ሞተው የተቀበሩትም እዚያው። ቁስቋም የሚለው ስም እመቤታችን ልጇን ይዛ ከስደት ካረፈችበት፣ ግብፅ ካለው ተራራ የመጣ ነው። በዓሉ ኅዳር 6 ነው፤ የጽጌ ወቅት እንዳለቀ። ልጅሽ በዚያ ሰሞን ከመጣች ስሙ ቦታውን አገኘ ማለት ነው። ክርስትናዋ በ80 ቀን ስለሆነ ጥር መጨረሻ አካባቢ ይሆናል፤ የክርስትና ስሟን ያኔ ካህኑ ያወጡላታል። እንግዲህ እንደ እቴጌዋ ቢያንስ ሁለት ስም ይኖራታል።

አሁን ጀርመኖቹ። እውነቱን ልንገርሽ፣ መጀመሪያ ላይ ያበላሹታል። በእነሱ ፊደል «ደብልዩ» የምትነበበው እንደ «ቭ» ነው። መጨረሻ ላይ ያለችውን «ብ» ደግሞ ወደ «ፕ» ያጠብቋታል። ስለዚህ ወረቀት ላይ ያየ ሰው «ሜንቴቫፕ» ዓይነት ነገር ይላል። ፊደል እየቀያየርሽ እነሱን ለማስደሰት አትድከሚ። መዋዕለ ሕፃናት ስታስገቢያት አስተማሪዋ ፊት ቆመሽ ሁለት ሦስት ጊዜ በዝግታ በይላት፤ «ምን» ብለሽ ትንሽ አረፍ በይ፣ ከዚያ «ትዋብ»። «ዋ»ን ጠበቅ አድርጊያት፤ «ይዋባል» ስትዪ እንደምትጠብቀው። ሰው በጆሮው የተማረውን ስም አይረሳም። ቤት ውስጥ ደግሞ «ምንቴ» በያት፣ «ምንትዬ» በያት። አያቶቿ መቼም ከእነዚህ አንዱን ሳይሉ አይቀሩም።

የመጨረሻው ምክሬ የወረቀት ነገር ነው፤ ይህን የምለው በቅርብ ስላየሁት ነው። ከዓመታት በፊት አንዲት ተማሪ ነበረችኝ፤ ስሟ ይኸው ስም። አንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ መታወቂያ ሲሞላላት ጸሐፊው ስሙን ለሁለት ከፈለው። የራሷ ስም «ምን»፣ የአባቷ ስም «ትዋብ» ሆነ። አባቷ አያት ሆኑ፣ አያቷ ከወረቀቱ ወጡ። ልጅቷ ያንን ለማስተካከል አንድ ክረምት ሙሉ ተመላለሰች። መታወቂያውን ይዛ ስታሳየኝ አውራ ጣቷን «ምን» የሚለው ላይ አድርጋ ነበር። «መምህር፣ እኔ 'ምን' ነኝ?» አለችኝ። ዓይኗ እንባ አቅርሮ ነበር። እኔም የስሙን ትርጉም ለመጀመሪያ ጊዜ አስቀምጬ ያስረዳሁት ለእሷ ነው። ጸሐፊው ስሙን የከፈለበት ቦታ ሰዋስዉ የሚከፍልበት ቦታ መሆኑን ጭምር ነገርኳት። ስትሄድ ስሟን ደብተሯ ላይ አንድ ላይ ጻፈችው።

አንቺም እንደዚያ አድርጊ። ሆስፒታል የልደት ወረቀት ሲሞሉ ስሙን በላቲን ፊደል አንድ ቃል አድርገሽ፣ ያለ ክፍተት፣ ያለ ሰረዝ፣ በራስሽ እጅ ጽፈሽ ስጫቸው። እንዴት እንደሚጻፍ ከባለቤትሽ ጋር አሁኑኑ ተስማሙ፤ ፓስፖርቱም፣ የልደት ወረቀቱም፣ ኤምባሲ የሚሰጡትም በአንድ ዓይነት ይሁን። በአማርኛ ግን አንድ አጻጻፍ ብቻ ነው ያላት፤ ምንትዋብ።